አንጮቴ፦ ሥሩ የሚበላ የጓሮ ሐረግ

አንጮቴ በሳይንሳዊ መጠሪያው ኮክሲኒያ አቢሲኒካ የሚባል፣ ከዱባና ከቅል ጋር በአንድ የዕፅዋት ቤተሰብ የሚመደብ አገር በቀል ሐረግ ሲሆን፣ ዘመዶቹ በአብዛኛው ለፍሬያቸው ሲለሙ እሱ ግን በዋናነት የሚለማው ምግብ አከማችቶ ለሚያብጠው ሥሩ ነው። በወለጋና በኢሉባቦር የኦሮሞ አርሶ አደሮች ጓሮ ውስጥ የተለመደ ሰብል ሲሆን፣ በካፋና በወላይታም በሌላ ስም ይታወቃል።

ግንዱ ራሱን ችሎ መቆም ስለማይችል፣ ከቅጠሉ ሥር በሚወጡ ቀጫጭን ጠምጣሚ ክሮች ያገኘውን እንጨት እየያዘ ወደ ላይ ይወጣል፤ የሚይዘው ካጣ ደግሞ መሬት ለመሬት ይሳባል። ለሥሩ ብቻ የሚዘራው አንጮቴ መሬት ላይ ቢሳብም ችግር የለውም፣ ለዘር የሚተወው ግን አጥር፣ ዛፍ ወይም የተተከለ እንጨት ሊያገኝ ይገባዋል። ይህ ልዩነት የአንጮቴን አመራረት ለመረዳት ዋናው ቁልፍ ነው ሊባል ይችላል፤ ምክንያቱም በአንድ ጓሮ ውስጥ ያው ተክል ሁለት ዓይነት ዕድሜ ይኖረዋል። ለምግብ የሚሆነው ዝናብ ሲጀምር ተዘርቶ ከጥቂት ወራት በኋላ ሥሩ ገና ለስላሳ ሳለ ይቆፈራል፤ በኦሮምኛ “ጉቦ” የሚባለው እናት ተክል ግን መሬት ውስጥ ለዓመታት ይቆያል፣ ሐረጉ በበጋ ቢደርቅም ዝናብ ሲመጣ ከሥሩ እንደገና ያቆጠቁጣል፣ በየዓመቱም ዘር ይሰጣል። የቆየው ሥር ቃጫማ ስለሚሆን ለመብል አይመረጥም።

ዘር ለማግኘት ለሚሻ ሰው ሌላም መታወቅ ያለበት ነገር አለ። የኮክሲኒያ ወገን ተክሎች ወንዴና ሴቴ አበባ በተለያየ ተክል ላይ የሚያወጡ በመሆናቸው፣ ፍሬ የሚይዘው ሴቴው ብቻ ነው፤ እሱም ቢሆን የወንዴውን ብናኝ ነፍሳት ካላደረሱለት አያፈራም። ጾታው ደግሞ እስኪያብብ ድረስ ስለማይለይ፣ በአጥር ጥግ አንድ ተክል ብቻ ተክሎ ዘር መጠበቅ ከንቱ ድካም ነው፤ በርከት አድርጎ መትከልና ሲያብብ መምረጥ ይሻላል። ፍሬው ከአረንጓዴነት ወደ ቀይነት ሲለወጥ ተለቅሞ፣ ዘሩ ከሥጋው ተለይቶ ታጥቦ ይደርቅና ለቀጣዩ ወቅት ይቀመጣል።

አፈሩ የላላ፣ ውኃ የማይተኛበትና የከብት ፍግ ያገኘ ቢሆን ሥሩ በቀላሉ ይወፍራል። ቦታው በደንብ ካልተቆፈረ ግን ሥሩ ይጣመማል፤ ውኃ ካቆረም ይበሰብሳል። ከአረም ነፃ ማድረጉ ይበልጥ የሚያስፈልገው ሐረጉ መሬቱን ከመሸፈኑ በፊት ባለው ጊዜ ነው።

ለመብል የሚቆፈርበት ወቅት ከመስቀል በዓል ጋር ስለሚገጥም፣ በምዕራብ ኦሮሚያ የበዓሉ ማዕድ ያለ አንጮቴ አይታሰብም ለማለት ይቻላል። ሥሩ ይቀቀልና ተልጦ ይከተፋል፣ ከዚያም በንጥር ቅቤና በበርበሬ ይታሻል፤ ለጋ ቅጠሉም እንደ ጎመን ይበላል። አጥንቱ ለተሰበረና ለአራስ ሴት ይበጃል ተብሎ የሚሰጠውም ከጥንት ጀምሮ ነው። በቤተ ሙከራ ሲለካ በ100 ግራም ጥሬ ሥር ውስጥ ከ100 ሚሊግራም በላይ ካልሲየም የተገኘበት ሲሆን፣ ድንች በተመሳሳይ ክብደት የሚይዘው 10 ሚሊግራም አካባቢ ነው። እርግጥ ነው፣ ካልሲየም መኖሩ ብቻውን ስብራት ይጠግናል ማለት አይደለም፤ ስለዚህ አንጮቴ በምግብነቱ እንጂ በሐኪም ምትክ ሊታይ አይገባም። በአበሳሰሉ ረገድ ግን የመንደሩ ልማድ ጥሩ መሠረት አለው፤ ከነልጣጩ ተቀቅሎ ከዚያ የሚላጠው፣ አስቀድሞ ተልጦ ከሚቀቀለው ይልቅ ፕሮቲኑንና ካልሲየሙን ይዞ ይቆያል።