ያገለገለ ፕሌይስቴሽን ሲገዙ ጨዋታው ተጭኖ እስኪያልቅ ይጠብቁ

በቡሬና በእንጅባራ መካከል በምትገኘው ጥሊሊ ጌም ቤት ለመክፈት የሚያስብ ነጋዴ ገቢው በጨዋታ ቁጥር ስለሆነ፣ ስክሪኑ ጠቁሮ በቀረ ቁጥር ኪሳራው የራሱ ነው። ሶኒ ፕሌይስቴሽን 2ን ማምረት ያቆመው እ.ኤ.አ. በ2013 በመሆኑ ለገበያ የሚቀርበው በአብዛኛው ያገለገለ ነው።

ሌንሱ ከደከመ ማጽዳት ጊዜያዊ መፍትሔ ነው። ከፍላሽ እንዲያጫውት በተደረገው ማሽን ግን ጥፋቱ ብዙ ጊዜ የፍላሹ ነው፤ የጨዋታው ፋይል ተቆራርጦ ተቀምጦ ይሆናል። ፍላሹን በፋት32 ፎርማት አድርጎ እንደገና መገልበጥ ወጪ የለውም። ጨዋታው ከተጫነ በኋላ ቪዲዮው የሚንተባተበው የዩኤስቢ መሰኪያው ዝግተኛው 1.1 ስለሆነ ነው። ይህን የሚያፈጥን ጠጋኝ ስለሌለ «እሠራዋለሁ» ለሚልዎ አይክፈሉ፤ በኔትወርክ አዳፕተር ሃርድ ዲስክ የሚቀበለውን ወፍራሙን ሞዴል ቢፈልጉ ያዋጣል።