ሠርታ ያልተጠራች ወደብ

በጋ ሲገባ ከገደራ፣ ከያቭኔና ከቅርያት ማላኺ ቤተሰቡን በመኪና አጭቆ ወደ ፓልማሂም ባሕር የማይወርድ ጥቂት ነው። ጥላው ይተከላል፣ ማንጋሉ ይቀጣጠላል፣ ልጆቹ ውኃው ዳር ይንቦጫረቃሉ። በባሕሩ ዳር ወደ ደቡብ ሲሄዱ ወደ ውኃው ዘልቆ የገባውን ጉብታ ግን ለፎቶ ካልሆነ በቀር ልብ የሚለው የለም። ጉብታው ያቭኔ-ያም ይባላል። መርከብ የተጫነበት፣ መርከብ የተቃጠለበት፣ ምርኮኛ በገንዘብ የተቤዠበት የወደብ መንደር ነበር። በዚህ አካባቢ ይህን ያህል ሠርቶ ይህን ያህል የተረሳ ቦታ አላውቅም። ሥራው የእሱ ሆኖ ስሙ ሁልጊዜ ለሌላ ይሄዳል። ወይኑ የጋዛ ተባለ፣ ዝናው የከተማዪቱ ሆነ፣ ዛሬ ደግሞ ባሕሩ ራሱ የሚጠራው በ1949 በተመሠረተው ኪቡጽ ነው።

መጀመሪያ አንድ ነገር እናጥራ፤ ያቭኔ ሁለት ናት። አንዷ ዛሬ ሕንፃው የተደረደረባት፣ ከባሕር ገባ ያለችው ከተማ ናት። ሁለተኛዋ የባሕሯ ያቭኔ ናት። ሮማዊው ፕሊኒ እንኳ ከ1900 ዓመት በፊት ሁለቱን ለይቶ ጽፏል። ራባን ዮሐናን ቤን ዘካይ ኢየሩሳሌም በ70 ዓ.ም. ከወደመች በኋላ ሊቃውንቱን ያሰባሰበው በከተማዪቱ መሆኑን የማያውቅ ስለሌለ እሱን አልደግመውም። (ዓመቶቹን ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው የምጽፈው።)

ወደብ ለምን እዚህ ሆነ? ከያፎ ወደ ደቡብ ያለው ጠረፍ ቀጥ ያለ አሸዋ ነው፤ መርከብ የሚጠለልበት ጎድጓዳ ቦታ እንደ ልብ አይገኝም። እዚህ ግን ኩርካር የሚባለው፣ አሸዋ ተጣብቆ ድንጋይ የሆነው ሸንተረር ወደ ባሕሩ ገብቷል። ከሸንተረሩ ከፊሉ ውኃ ውስጥ ሰምጦ ማዕበሉን ይሰብራል፤ ከኋላው ያለው ውኃ ጸጥ ይላል። ሰው ሳይደክምበት የተሠራ ወደብ ነው ማለት ይቻላል። ከነሐስ ዘመን ጀምሮ፣ ማለትም ከ3500 ዓመት በላይ ከሆነው ጊዜ አንሥቶ፣ ሰዎች ይህን አይተው ዙሪያውን ትልቅ የአፈር ካብ ክበውበታል። ካቡን በ1960ዎቹ ያዕቆብ ካፕላን፣ መንደሩን ደግሞ ከ1992 ጀምሮ ሞሼ ፊሸር ከቴል አቪቭ ዩኒቨርሲቲ ቡድን ጋር ቆፍረውታል።

ስለ እሳቱም ልንገራችሁ። በግሪኩ ሁለተኛ መጽሐፈ መቃብያን ይሁዳ መቃቢ በሌሊት ወርዶ የያቭኔን ወደብ ከነመርከቦቹ እንዳቃጠለ፣ ብርሃኑም 240 ስታዲዮን ርቃ ባለችው ኢየሩሳሌም እንደታየ ተጽፏል። ይህ ወደ 44 ኪሎ ሜትር ይሆናል። እኔ ትንሽ የተጋነነ ይመስለኛል፤ ሆኖም እዚያ የሚቃጠል ብዙ መርከብ ባይኖር ኖሮ ማንም አያጋንንበትም ነበር። ይህን ታሪክ በኢትዮጵያው መጽሐፈ መቃብያን የምትፈልጉ ካላችሁ አትድከሙ። ስማቸው ይመሳሰላል እንጂ የኢትዮጵያው ሌላ መጽሐፍ ነው፤ ከግሪኩ ጋር ታሪክ አይጋራም።

የተቃጠለው ወደብ የማን ነበር ለሚለው ደግሞ በድንጋይ ላይ በግሪክኛ የተጻፈ ማስረጃ ተገኝቷል። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ163 በያቭኔ ወደብ የሚኖሩ ሲዶናውያን ለንጉሥ አንጥዮኮስ አምስተኛ አቤት ብለዋል። አባቶቻችን አያትህን በባሕር ሥራ አገልግለዋልና ግብር ይነሣልን ነው ነገሩ። ንጉሡ ገና ልጅ ነበር። የሊባኖስ ጠረፍ ሰዎች ናቸው እንግዲህ፤ በሰው አገር ወደብ ተቀምጠው፣ በአባቶቻቸው ውለታ እየማሉ ግብር ሲያስቀንሱ። የመጤ አቤቱታ ያኔም ያው ነበር።

ወደ ኢንዱስትሪው ልለፍ። በ2021 የእስራኤል የቅርስ ባለሥልጣን በያቭኔ ከተማ ለግንባታ በተቆፈረ ቦታ የ1500 ዓመት ዕድሜ ያለው የወይን ጠጅ ፋብሪካ ማግኘቱን አስታወቀ። ፋብሪካ ስል አላጋነንኩም። አምስት መጥመቂያዎች አሉት፤ የእያንዳንዱ የወይን መርገጫ ወለል 225 ካሬ ሜትር ያህል ይሰፋል። ጭማቂው ወደ ትልልቅ ጉድጓዶች ይወርዳል፤ በመጥመቂያዎቹ መካከል አራት ግዙፍ መጋዘኖች፣ በአጠገባቸው ደግሞ ማሰሮ የሚተኮስባቸው ምድጃዎች ተገኝተዋል። ቆፋሪዎቹ በዓመት ወደ 2 ሚሊዮን ሊትር ይመረት እንደነበር ገምተዋል። ይህ ሁሉ ወይን የተረገጠው በባዶ እግር ነው። ያን ያህል ወይን ማን ጠጣው ብትሉ፣ ውኃው ብዙ ጊዜ ንጹሕ ስላልነበረ ወይን የሕፃን አዋቂው የዘወትር መጠጥ ነበር።

ማሰሮው «የጋዛ ማሰሮ» ይባላል፤ ስሙን የሰጡት ዕቃው የወጣባቸው ወደቦች ናቸውና የጋዛና የአሽቀሎን እየተባለ እስከ ብሪታንያ ድረስ ተገኝቷል። ከያቭኔ ምድጃ የወጣ ማሰሮ የጋዛን ስም ይዞ መሄዱ እኔን ያናድደኛል፤ የነጋዴ ሥራ ግን እንዲህ ነው። አንድ ጊዜ የማሰሮውን ፎቶ ለአንዲት የገደራ ጎረቤቴ አሳየኋቸው። እናታችን በወጣትነታቸው ጎንደር አጠገብ ወለቃ ሸክላ ሲሠሩ የኖሩ ናቸው። ስልኬን ወደ ዓይናቸው አስጠግተው፣ «ልጄ፣ አንገት የላት፣ መቀመጫ የላት፤ ጆሮዋም ትከሻዋ ላይ ነው። ይቺ ምን ላይ ትቆማለች?» አሉኝ። ትክክለኛ ጥያቄ ነው። ረዘም ያለች፣ ወደ ታች የምትጠብ ማሰሮ ናት፤ ቤት ውስጥ እንድትቆም አልተሠራችም። የተሠራችው ለመርከብ ሆድ ነው፤ አንዷ ከሌላዋ ጎን ተጠጋግታ፣ በላይዋም ሌላ ተደርድሮባት እንድትጓዝ። ጆሮዎቹ ትከሻ ላይ የሆኑት ለማሰርና ለመሸከም ነው። ይህን ስነግራቸው፣ «እንግዲያው የኛ እንስራ ለሰው ጀርባ፣ የነሱ ለመርከብ ጀርባ» ብለው ስልኩን መለሱልኝ።

ለተዋሕዶ አንባቢ አንድ ስም ልጨምር። ጴጥሮስ ኢቤራዊ የሚባለው የጆርጂያ ልዑል፣ የኬልቄዶንን ጉባኤ ካልተቀበሉት ታላላቅ አባቶች አንዱ፣ ያረፈው በ491 በዚሁ ወደብ ነው።

አሁን ወደምወደው ክፍል ደረስን። በጉብታው ላይ የፍርስራሹን ግድግዳ የሚያዩ ሰዎች በልበ ሙሉነት «የመስቀል ጦረኞች ምሽግ» ሲሉ በተደጋጋሚ ሰምቻለሁ። አይደለም። የመስቀል ጦረኞች ምሽግ ኢብሊን ነው፤ በ1141 የተሠራው በከተማዪቱ ያቭኔ ኮረብታ ላይ ሲሆን ከባሕሩ ጋር ግንኙነት የለውም። የባሕሩ ምሽግ ከዚያ የሚቀድም፣ የጥንቱ እስላማዊ ዘመን ሥራ ነው። ቦታው ያኔ ማሁዝ ዩብና ይባል ነበር። ሰው ምሽግ ሲያይ ጦርነት ብቻ ይታየዋል፤ የዚህ ምሽግ ትልቁ ሥራ ግን ገበያ ነበር፤ ሰው የሚገዛበትና ነፃ የሚወጣበት ገበያ።

ይህን የነገረን አል-ሙቀደሲ ነው። የኢየሩሳሌም ተወላጅ፣ አገር ዞሮ ያየ ጂኦግራፈር ነበር፤ መጽሐፉን የጻፈው በ985 ገደማ ነው። ከጋዛ እስከ አርሱፍ በጠረፉ ላይ የተደረደሩትን ምሽጎች ሲቆጥር ማሁዝ ዩብናንም ከነዚህ ያስገባዋል። የቢዛንታይን መርከቦች በየምሽጎቹ ፊት ይመጣሉ፤ የማረኳቸውን ሙስሊሞች ጭነው። ዋጋው የታወቀ ነው፤ ሦስት ሰው በ100 ዲናር። በየምሽጉ ግሪክኛ የሚያውቁ ሰዎች አሉ፤ በመልእክት ወደ መርከቦቹ የሚሄዱት እነሱ ናቸው። ከየብስም ለመርከቦቹ የምግብ ዓይነት ይጫንላቸዋል። ትናንት የተዋጋ ዛሬ ይገበያያል።

አሠራሩ ደግሞ አስገራሚ ነው። መርከብ ሲታይ ቀንደ መለከት ይነፋል፤ ሌሊት ከሆነ በማማው ላይ እሳት ይነዳል፣ ቀን ከሆነ ጭስ ይጨሳል። ከየምሽጉ እስከ ዋና ከተማው እስከ ራምላ ረጃጅም ማማዎች ተተክለዋል። አንዱ የሌላውን አይቶ ያነዳል። ከጉብታው እስከ ራምላ ከ20 ኪሎ ሜትር አይበልጥም፤ አል-ሙቀደሲ እንደሚለው አንድ ሰዓት ሳይሞላ ከተማው ያውቃል። ከበሮ ይመታል፣ ሕዝቡ ወደዚያ ምሽግ ይጠራል፤ ሰዉም መሣሪያውን ይዞ ይወጣል፣ የየመንደሩ ወጣት ይሰበሰባል። መሣሪያው ለምን አስፈለገ ብትሉ፣ የመጣው ነጋዴ ይሁን ወራሪ ከማማው ላይ አይለይማ።

ከዚያ ቤዛው ይጀመራል። አቅም ያለው ሰው አንድ ምርኮኛ ለብቻው ይዋጃል። የሌለው ግን መዋጮ ነው፤ አንዱ ዲርሃም ይወረውራል፣ ሌላው ቀለበቱን አውልቆ ይጥላል፤ በመርከቦቹ ላይ ያሉት ሁሉ እስኪዋጁ ድረስ። ከከተማ የወጣ፣ ምርኮኛውን በስም እንኳ የማያውቅ ሰው ነው ቀለበቱን የሚያወልቀው። ስለዚህ ወደብ ከተጻፈው ሁሉ ይህን የሚስተካከል የለም እላለሁ። ቤተ መንግሥት ስላልነበረበት፣ ንጉሥ ስላልተቀባበት መጻሕፍት በሁለት መስመር ያልፉታል።

እኛ ይህን ታሪክ እንደ ሩቅ ወሬ ልንሰማው አይገባም። ከመካከላችን በ1980ዎቹ መጀመሪያ ከሱዳን ጠረፍ በጨለማ በጀልባ ተጭነው ወደ እስራኤል ባሕር ኃይል መርከብ የተሻገሩ አሉ። ባሕር የማያውቀው ደገኛ ከባሕር ጋር የተዋወቀው በዚያ ሌሊት ነው። በ1991 በዘመቻ ሰሎሞን ደግሞ ከ14,000 በላይ ሰው በአንድ ቀን ተኩል ሲጓጓዝ ለያኔው የኢትዮጵያ መንግሥት 35 ሚሊዮን ዶላር ተከፍሏል። ቤዛ ብሎ መጥራት የሚከብደው ካለ ሌላ ስም ይፈልግለት።

ከመካከለኛው ዘመን በኋላ ወደቡ ቀዘቀዘ። ቦታው ሚናት ሩቢን፣ የሩቢን ወደብ ተባለ፤ አጠገቡ በሶሬክ ወንዝ ዳር ባለው የነቢ ሩቢን መካን ምክንያት። እስከ 1948 ጦርነት ድረስ በበጋ መጨረሻ የያፎ ሰው ድንኳኑን ይዞ ለሳምንታት የሚሰፍርበት ትልቅ ዓመት በዓል እዚያ ነበር፤ ነቢ ሩቢንም ሆነ በከተማዪቱ ያቭኔ ቦታ የነበረው የይብና መንደር በዚያው ዓመት ከነዋሪዎቻቸው ባዶ ሆኑ። ከይብና መስጊድ ማማው፣ የ1337 ሥራ የሆነው፣ ዛሬም በያቭኔ ኮረብታ ላይ ቆሟል።

ጠረፉ ግን ሥራ አልፈታም። በመስከረም 1988 የመጀመሪያዋ የእስራኤል ሳተላይት ኦፌቅ 1 ከፓልማሂም ተወነጨፈች፤ ፍርስራሹ ጎረቤት ላይ እንዳይወድቅ ሌላው ዓለም ከሚያወነጭፍበት በተቃራኒ ወደ ምዕራብ፣ በባሕሩ ላይ። በ2013 ሥራ የጀመረው የሶሬክ ጨው ማጣሪያ በዓመት ወደ 150 ሚሊዮን ሜትር ኩብ የባሕር ውኃ የሚጠጣ ያደርጋል። በባሕሩ ዳር የመዝናኛ መንደር ሊሠራ ታቅዶም ነበር፤ ወጣቶች ድንኳን ተክለው ተቃወሙ፣ መንግሥትም በ2010 ዕቅዱን ሰረዘው። ዛሬ ወደ ባሕሩ የምንወርደው እነዚያ ልጆች ስለጮኹ ነው።

ይህን ያህል ከተናገርኩ ቁጣዬንም ልጨምር። የማንጋል ፍም ኩርካሩ ሥር የምትቀብሩ፣ ድንጋዩ ላይ ስም የምትፈልጡ፣ ልጆቻችሁ ከጉብታው ሸክላ ለቅመው ቦርሳ ሲሞሉ «ጎበዝ» የምትሉ፣ አትሳሳቱ። ያ ስባሪ መርከብ የተሳፈረ ማሰሮ ሊሆን ይችላል፤ ከቦታው ከተነሣ በኋላ ምንም አይናገርም። የ1978 የቅርስ ሕግም ቅርስ ያገኘ ሰው በ15 ቀን ውስጥ ለቅርስ ባለሥልጣን እንዲያስታውቅ ያዝዛል። ኩርካር ይሸረሸራል፣ ይናዳልም፤ ስለዚህ ከገደሉ ሥር ጥላ አትትከሉ፣ ማዕበል ባለበት ቀን ወደ ጫፉ አትውጡ። ለልጆቻችሁም ባሕሩን ስታሳዩ ፓልማሂም ብላችሁ ብቻ አትለፉ፤ ያቭኔ-ያም በሏቸው።