ንጉሠ ነገሥቱ በዘጋቢ ፊልም፦ ከዘውድ በዓል እስከ ወሎ ረሃብ

ዘጋቢ ፊልም የሆነውን እንደሆነ ስለሚያሳይ፣ እንደ ልብ ወለድ መመርመር አያስፈልገውም የሚሉ ጥቂት አይደሉም። የዚህ አጭር ጽሑፍ ዓላማ የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴን ምስል ምሳሌ በማድረግ፣ የፊልም ትርጉም በተነሣው ምስል ብቻ ሳይሆን ከጎኑ በተቀመጠውም ምስል እንደሚወሰን ማሳየት ነው።

ንጉሠ ነገሥቱ በካሜራ ፊት መታየት የጀመሩት ዘውድ ከመጫናቸው በፊት ነው። አልጋ ወራሽ ሳሉ በ1916 ዓ.ም. አውሮፓን ሲጎበኙ የዜና ፊልም አንሺዎች ቀርጸዋቸዋል። ጥቅምት 23 ቀን 1923 ዓ.ም. በተከበረው የዘውድ በዓል ላይም የውጭ አገር ካሜራዎች ነበሩ። በነዚህ ፊልሞች ከጎናቸው ያለው ካባ፣ ሠረገላና ሰልፍ ነው፤ ስለዚህ የፊታቸው ዝምታ ግርማ ሆኖ ይነበባል። ሰኔ 23 ቀን 1928 ዓ.ም. በጄኔቭ በዓለም መንግሥታት ማኅበር ፊት በአማርኛ ሊናገሩ ሲነሡ የኢጣሊያ ጋዜጠኞች በፉጨት አወኳቸው። በዚህ ጊዜ ያው ዝምታ የተበደለ ሕዝብ ትዕግሥት ሆኖ ታየ። ፊቱ አንድ ነው፤ ጎረቤቱ ግን ተለውጧል።

በ1965 ዓ.ም. ከደሴ በመርሳና በወልድያ አልፎ ወደ ሰሜን የሚዘልቀው አውራ ጎዳና ከየገጠሩ በረሃብ የተፈናቀለ ሕዝብ የሚፈስበት ሆነ። መንግሥት ነገሩን ሸሸገ። የዩኒቨርሲቲ መምህራን ወሎ ሄደው ያነሷቸውን ፎቶግራፎች በግቢው ውስጥ አሳዩ፤ ጥቅምት 8 ቀን 1966 ዓ.ም. ደግሞ ጋዜጠኛው ጆናታን ዲምብልቢ «ያልታወቀው ረሃብ» የተባለውን ፊልም በእንግሊዝ ቴሌቪዥን አቀረበ።

ይኸው ፊልም መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ማታ፣ ደርግ እንደገና አቀናብሮት በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ታየ። በረሃብተኞቹ መካከል የግብዣና የሠርግ ትዕይንቶች፣ እንዲሁም ንጉሠ ነገሥቱ ውሾቻቸውን ሥጋ ሲያበሉ የሚያሳይ ምስል ገቡ። በማግስቱ ከዙፋናቸው ወረዱ።

እዚህ ላይ የቅንብሩን ሰዋስው ልብ ማለት ያሻል። ረሃቡ እውነት ነው፤ ግብዣውም እውነት ነው። መሸሸጉም እውነት ስለሆነ ክሱ መሠረት የለሽ አልነበረም። ሆኖም ሁለቱ ምስሎች ሲቀጣጠሉ መቀሱ የአያያዥን ሥራ ሠራ፤ «ሕዝቡ ይራባል» እና «ንጉሡ ያበላሉ» የተባሉት ሁለት ዐረፍተ ነገሮች «ሕዝቡ እየተራበ ንጉሡ ውሻ ያበላሉ» የሚል አንድ ዐረፍተ ነገር ሆኑ። ምስሎቹ በአንድ ቀን፣ በአንድ ቦታ አለመነሣታቸውን የሚጠይቅ ተመልካች ብዙ አልነበረም። «እየ» የምትለዋን ፍርድ ያስገባት አቀናባሪው ነው።

በዚህ ዐረፍተ ነገር ውስጥ የወሎ ገበሬ ማስረጃ እንጂ ተናጋሪ አይደለም። ውጤቱም በኋላ ታየ። ይህን ፊልም ለሥልጣን መወጣጫ ያደረገው መንግሥት በመስከረም 1977 ዓ.ም. አሥረኛውን የአብዮት በዓል በድምቀት ሲያከብር ወሎ እንደገና ተርቦ ነበር። ጥቅምት 13 ቀን ማይክል በርክና መሐመድ አሚን ከኮረም ያመጡት ፊልም በቢቢሲ ሲታይ፣ ዓለም እንደገና ደነገጠ። ንጉሥ ያወረደው ቅንብር የገበሬውን ጎተራ አልሞላም።

እንግዲህ ዘጋቢ ፊልም የሚያነብ የሥነ ጽሑፍ ተማሪ ሦስት ጥያቄዎችን ማንሣት ይኖርበታል፦ ምስሉን ማን አነሣው? ከምን ጎን አስቀመጠው? ከሚታዩት ሰዎች መካከል ሳይናገር የቀረው ማነው? የሦስተኛው መልስ በዚያ ጎዳና ዳር የተቀመጠው ሰው ነው።