እሽጉ ትዝታ የለውም

ባለፈው ክረምት የወንድማችን ልጅ ከሚኖርበት ከአሜሪካ ለዕረፍት መጥቶ እኛ ዘንድ ሰነበተ። አንድ ምሽት ይዞት ከመጣው የቪዲዮ ጨዋታ ፊት ተክዞ ተቀምጦ አገኘነውና ምን እንደሆነ ጠየቅነው። «አጎቴ፣ አርባ ዘጠኝ እሽግ ካርድ ከፈትኩ፤ አንድም አልማዝ አልወጣልኝም። ግን ከሃምሳ አንዱ አልማዝ ነው ስለተባለ የሚቀጥለው አይቀርልኝም» ሲል መለሰልን። ለልደቱ ከተሰጠው ገንዘብ ከግማሽ በላይ የሚሆነው በእነዚያ እሽጎች አልቆ ነበር።

ልጁ የተናገረው ለጆሮ ምክንያታዊ ይመስላል። ይሁን እንጂ ስሕተት ነው፤ ስሕተቱም ብልህ ሰዎችን ጭምር ለዘመናት ገንዘባቸውንና ጊዜያቸውን ያሳጣ ነው። ስለዚህ በዚህ ጽሑፍ አንድ ጥያቄ ይዘን እንነሣለን፦ በቤዝቦል ቪዲዮ ጨዋታ ውስጥ የሽልማት ካርዶችን በትንሽ ድካም ለመሰብሰብ የሚሻ ሰው ሒሳቡን እንዴት መሥራት አለበት? ዓመተ ምሕረቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።

ከትምባሆ ፓኮ እስከ ቴሌቪዥን መስኮት

ቤዝቦል በሁለት ቡድኖች መካከል የሚካሄድ ጨዋታ ነው። ወርዋሪው ኳሷን ይወረውራል፤ መቺው በዱላ ለመምታት ይሞክራል፤ ጨዋታው በመደበኛው ዘጠኝ ዙር አለው። በአሜሪካ የተጫዋቾችን ምስል የያዙ ካርዶች መሰብሰብ የጀመረው በ19ኛው ክፍለ ዘመን ሲሆን፣ የትምባሆ ኩባንያዎች ካርዶቹን በሲጋራ ፓኮ ውስጥ ያስቀምጡ ነበር። ካርዱ ፓኮው እንዳይጨማደድ ይደግፋል፤ ደንበኛውንም ሌላ ፓኮ እንዲገዛ ይገፋፋል። ከ1909 እስከ 1911 በወጣው ስብስብ ውስጥ የነበረው የሆነስ ዋግነር ካርድ ጥቂት ብቻ ስለተሰራጨ፣ አንዱ በ2022 በ7.25 ሚሊዮን ዶላር ተሸጧል።

ይኸው አሠራር ዛሬ ወደ ቴሌቪዥን መስኮት ተሸጋግሯል። ሶኒ በየዓመቱ በሚያወጣው «ኤም ኤል ቢ ዘ ሾው» በተባለው ጨዋታ ውስጥ፣ በ2012 «ዳይመንድ ዳይናስቲ» የሚባል ክፍል ተጨመረ። ተጫዋቹ ካርድ እየሰበሰበ የራሱን ቡድን ያቋቁማል። ካርዶቹ እንደ ደረጃቸው ተራ፣ ነሐስ፣ ብር፣ ወርቅና አልማዝ ይባላሉ፤ ከ85 ነጥብ ጀምሮ ያለው አልማዝ ነው። መገበያያው «ስታብ» የተሰኘ የጨዋታው ገንዘብ ሲሆን፣ በመጫወት ይገኛል፤ በእውነተኛ ገንዘብም ይገዛል። በስታብ የታሸገ እሽግ መግዛት፣ ወይም የሚፈለገውን ካርድ ከሌላ ተጫዋች በገበያ መግዛት ይቻላል።

የማያረጅ አተም

አሁን ወደ ልጁ አባባል እንመለስ። አንድ እሽግ አልማዝ የመያዝ ዕድሉ 1/50 ነው እንበል። አልማዝ የማይወጣበት ዕድል 49/50 ይሆናል። ሃምሳ እሽግ በተከታታይ ከፍተን አንድም ያለማግኘታችንን ዕድል ለማወቅ 49/50ን በራሱ ሃምሳ ጊዜ እናባዛለን፤ ውጤቱ 0.364 ገደማ ነው። ስለዚህ አንድ ሺህ ተጫዋቾች እያንዳንዳቸው ሃምሳ እሽግ ቢከፍቱ፣ 364 ያህሉ ባዶ እጃቸውን ይቀራሉ። መቶ ቢከፍቱ 133፣ መቶ ሃምሳ ቢከፍቱም 48 ያህሉ አልማዝ አያዩም። የወንድማችን ልጅ የደረሰበት መጥፎ ዕድል ሳይሆን፣ ከመቶ ሰዎች በ37ቱ ላይ የሚደርስ ተራ ነገር ነው።

የፊዚክስ ተማሪ ይህን ሒሳብ ሲያይ አንድ የሚያውቀው ነገር ትዝ ሊለው ይገባል። ከአንድ ሺህ ተጫዋቾች ግማሾቹ አልማዝ እስኪያገኙ 35 እሽግ ገደማ ያስፈልጋል። ከቀሩት ውስጥ እንደገና ግማሾቹ እስኪያገኙ ሌላ 35 ያህል ያስፈልጋል፤ ቀጥሎም እንዲሁ። ይህ የራዲዮአክቲቭ አተሞች የመፈራረስ ሕግ ነው። የካርቦን 14 የግማሽ ዕድሜ 5,730 ዓመት ገደማ ነው ስንል፣ አተሙ ዓመታቱን እየቆጠረ ይጠብቃል ማለታችን አይደለም። አሥር ሺህ ዓመት የቆየ የካርቦን 14 አተምና ዛሬ የተፈጠረ አተም በሚቀጥለው ዓመት የመፈራረስ ዕድላቸው ፍጹም እኩል ነው። አተም አያረጅም፤ እሽግም ትዝታ የለውም።

እንግዲህ ሃምሳኛው እሽግ ስለቀደሙት አርባ ዘጠኝ የሚያውቀው ነገር ስለሌለ፣ አልማዝ የመያዝ ዕድሉ አሁንም 1/50 ብቻ ነው። «ከሃምሳ አንድ» የሚለው አኀዝ እጅግ ብዙ እሽጎች ሲከፈቱ ስለሚታየው አማካይ ይናገራል እንጂ፣ ለአንድ ሰው የተገባ ውል አይደለም። አንዳንድ ጨዋታዎች ከተወሰነ ቁጥር በኋላ ሽልማቱ በግድ እንዲወጣ ያደርጋሉ፤ ያ ግን በደንባቸው ተጽፎ ሲገኝ ብቻ የሚታመን ነው።

የመጨረሻው ካርድ ዋጋ

ሁለተኛው ወጥመድ ስብስብን ማሟላት ነው። በአሜሪካው ታላቅ የቤዝቦል ሊግ 30 ቡድኖች አሉ፤ በጨዋታው ውስጥ የሠላሳዎቹንም ካርዶች ያሟላ ሰው ትልቅ ሽልማት ይጠብቀዋል። ነገሩን እናቅልለውና፣ ከየቡድኑ አንድ ብቻ፣ በድምሩ 30 ዓይነት ካርድ አለ፤ በእያንዳንዱ እሽግ ውስጥ አንድ ካርድ አለ፤ የሁሉም የመውጣት ዕድል እኩል ነው እንበል። ሁሉንም ለማግኘት በአማካይ ስንት እሽግ ይከፈታል?

የመጀመሪያው እሽግ ምንጊዜም አዲስ ካርድ ይሰጠናል። 29 ካርድ ይዘን አንዱ ብቻ ሲቀረን ግን የምንፈልገው የሚወጣው ከሠላሳ እሽግ በአንዱ በመሆኑ፣ በአማካይ 30 እሽግ ይጠይቀናል። ሁሉንም ደረጃዎች ስንደምር 30 × (1 + 1/2 + 1/3 + … + 1/30) እናገኛለን፤ ይህም 120 ገደማ ነው። አስገራሚው ክፍፍሉ ነው። የመጀመሪያዎቹ 15 ካርዶች በ20 እሽግ ገደማ ይገኛሉ፤ የቀሩት 15 ግን ወደ 100 እሽግ ይፈጃሉ። ሰብሳቢው ግማሽ መንገድ ሲደርስ «ግማሹን ጨርሻለሁ» ይላል፤ በእርግጥ የጨረሰው ከድካሙ አንድ ስድስተኛውን ነው። የካርዶቹ ዕድል እኩል ካልሆነ ደግሞ፣ በጨዋታው እንዳለው ሁሉ፣ ድካሙ ከዚህም ይበዛል።

ታዲያ እንዴት ይሰበሰብ?

ከላይ ካየነው አራት ምክሮች ይወጣሉ።

አንደኛ፣ የተረጋገጠውን ሽልማት ማስቀደም ነው። በጨዋታው ውስጥ የተወሰነ ተግባር ለፈጸመ ሰው ያለ ዕጣ ካርድ የሚሰጡ ክፍሎች አሉ። በ2023 ዕትም የገባው ስለ ጥቁሮች ሊግ የሚተርከው ክፍል ለዚህ ጥሩ ምሳሌ ነው። ጥቁር ተጫዋቾች በቀለማቸው ምክንያት ከታላቁ ሊግ በተገለሉበት ዘመን የተጫወቱትን የሳቸል ፔጅን፣ የባክ ኦኒልንና በ1947 ያን አጥር የሰበረውን የጃኪ ሮቢንሰንን ታሪክ እያሳየ፣ በየምዕራፉ ካርድ ይሸልማል። ተጫዋቹ ካርድም ታሪክም ይዞ ይወጣል።

ሁለተኛ፣ ሽልማትን በሰዓት መመዘን ነው። ለምሳሌ አንዱ ተግባር 20 ደቂቃ ፈጅቶ ሁልጊዜ 900 ስታብ ያስገኛል እንበል። ሌላው 10 ደቂቃ ፈጅቶ 1,000 ያስገኛል፤ ሆኖም የሚሳካው ከአራት ሙከራ አንዴ ነው። ሁለተኛው የተሻለ ይመስላል። ግን በአማካይ አራት ሙከራ፣ ማለትም 40 ደቂቃ ስለሚወስድ፣ በሰዓት 1,500 ብቻ ይሰጣል፤ የመጀመሪያው 2,700 ይሰጣል። ከባዱን ደረጃ መምረጥ የሚያዋጣው የሽልማቱ ዕድገት ከሽንፈቱ ብዛት ሲበልጥ ብቻ ነው። አንድ ግጥሚያ ለብዙ ተግባራት በአንድ ጊዜ እንዲቆጠር አድርጎ ቡድኑን ማዋቀርም ያተርፋል፤ ሦስት ዙር ብቻ ያላቸው አጫጭር ግጥሚያዎች ለዚህ ይመቻሉ።

ሦስተኛ፣ የጎደለውን ካርድ ከገበያ መግዛት ነው። የመጨረሻዎቹን ካርዶች በእሽግ ማሳደድ ምን ያህል እንደሚያስከፍል አይተናል። በገበያው ሲሸጡ ደግሞ አሥር በመቶ እንደሚቆረጥ መርሳት አይገባም። በ1,000 የገዛነውን ካርድ በ1,300 ብንሸጠው 130 ይቆረጥና ትርፋችን 170 ይሆናል። ከ1,112 በታች ከሸጥነው ግን ኪሳራ ነው።

አራተኛውና ዋናው፣ እሽግን በትርፍ ስታብ እንጂ በእውነተኛ ገንዘብ አለመግዛት ነው። የአንድ ዓመት ካርድ ወደሚቀጥለው ዓመት ጨዋታ አይሻገርም፤ ዛሬ በገንዘብ የተገዛው አልማዝ አዲሱ ዕትም ሲወጣ እዚያው ይቀራል። ጉዳዩ መንግሥታትንም አሳስቧል። ቤልጂየም በ2018 በክፍያ የሚገዙ የዕጣ እሽጎችን ከቁማር ሕጓ ጋር የሚጋጩ ናቸው ብላለች። አፕል ደግሞ በ2017 መጨረሻ በመደብሩ የሚሸጡ ጨዋታዎች የእሽጎቻቸውን የዕድል መጠን እንዲገልጹ ደነገገ። ይሁን እንጂ የተገለጸ አኀዝ የሚጠቅመው ማንበብ ለሚችል ሰው ነው፤ የወንድማችን ልጅ አኀዙን ያውቀው ነበር፤ ትርጉሙን ግን አላወቀውም።

በዚያ ምሽት ይህን ሁሉ አልነገርነውም። አንድ ዳይስ ሰጥተን፣ ስድስቱም ቁጥሮች ቢያንስ አንዳንድ ጊዜ እስኪወጡ ድረስ እየጣለ እንዲቆጥር አዘዝነው። አስቀድሞ ስንት ይበቃል ብሎ እንደሚገምት ጠየቅነው፤ «ስምንት ወይም ዘጠኝ» አለ። በመጀመሪያው ሙከራ 19፣ በሁለተኛው 12፣ በሦስተኛው 17 ሆነበት። ትክክለኛው አማካይ 14.7 ነው። ልጁ ጥቂት ዝም ብሎ ቆየና «አጎቴ፣ ታዲያ ሃምሳኛው እሽግ ምንም አያውቅም ማለት ነው?» አለን። «ምንም አያውቅም» አልነው። የቀረውን ገንዘብ አጥፎ ወደ ኪሱ መለሰ፤ የሳቸል ፔጅንም ምዕራፍ ከፍቶ መጫወት ጀመረ።

ውድ አንባቢያን፣ እናንተም ዳይሱን ሞክሩት፤ ቢያንስ ሃያ ጊዜ ደግማችሁ አማካዩን አስሉና ከ14.7 ጋር አነጻጽሩ። ፕሮባብሊቲ በወረቀት ላይ ቶሎ ይረሳል፤ በእጅ የተቆጠረ ግን አይረሳም።