ቋንቋው የጠፋ ሕዝብ፦ ስለ ጣና ወይጦዎች ተረትና እውነታ

ጣና ዳር ያደገ ሰው ስለ ወይጦ ብዙ ይሰማል፤ ከወይጦ አንደበት የሚሰማው ግን ጥቂት ነው። የደንገል ታንኳ ሲሠሩ፣ ዓሣ ሲያወጡ፣ ወፍጮና መጅ ሲጠርቡ አይተናቸዋል። ማን እንደሆኑ የነገሩን ግን ከእነሱ ጋር በአንድ ገበታ ቀርበው የማያውቁ ሰዎች ናቸው። ከእነዚያ ወሬዎች የትኞቹ እውነት፣ የትኞቹ ተረት እንደሆኑ መለየት ይገባል ብዬ አምናለሁ።

«አማርኛ እንጂ ሌላ ቋንቋ የላቸውም፤ ስለዚህ የተለየ ሕዝብ አይደሉም»

ከሁሉ በላይ የሚደጋገመው ይህ ነው፤ ግማሹም እውነት ነው። የዛሬ ወይጦዎች አፍ የፈቱት በአማርኛ ነው። ድሮም እንዲሁ ነበሩ ማለት ግን አይደለም። ስኮትላንዳዊው ተጓዥ ጄምስ ብሩስ እ.ኤ.አ. በ1770 ገደማ ጎንደር በነበረበት ጊዜ፣ ወይጦዎች በአገሩ ካሉት ቋንቋዎች ሁሉ ፈጽሞ የተለየ ቋንቋ እንዳላቸው ጽፏል። ሊመዘግበውም ፈልጎ ንጉሡን ለመነ፤ ሁለት ወይጦዎች ተይዘው ቀረቡለት። እንሰቅላችኋለን ተብለው ሲዛትባቸው እንኳ አልመለሱም፤ የተጠየቁት የገባቸውም አይመስልም ነበር። በገመድ እየተዛተበት ቋንቋውን ለባዕድ የሚገልጥ ማን ነው? ያን ቀን ያለፈው ዕድል ዳግም አልተገኘም።

ከመቶ ዓመት በላይ ቆይቶ፣ እ.ኤ.አ. በ1907 ጀርመናዊው ኦይገን ሚትቮኽ ወይጦዎች ሁሉም አማርኛ ተናጋሪ መሆናቸውን ጻፈ። ፈረንሳዊው ማርሴል ግሪዮል ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1928 አካባቢውን ሲያልፍ አንድ ወይጦ በሞተው ቋንቋ ዘፈን ሲያዜም ሰማ። ዘፋኙ ራሱ የሚዘፍነው አይገባውም ነበር። ከዚያ ቋንቋ በአፋቸው የቀሩት የጉማሬን የአካል ክፍሎች የሚጠሩ ጥቂት ቃላት ነበሩ። ይህን ባሰብኩ ቁጥር ልቤ ይነካል፦ አንድ ቋንቋ ሲሞት መጨረሻ ላይ የያዘው፣ ያ ጉማሬ አዳኝ ሕዝብ ከሁሉ አብልጦ የሚያውቀውን ነገር ነበር።

እ.ኤ.አ. በ1939 ግሪዮል የሰበሰበውን የቃላት መዝገብ የመረመረው የቋንቋ ሊቅ ማርሴል ኮኽን፣ ምንጫቸው ያልታወቀ ሆኖ ያገኘው ስድስት ቃላት ብቻ ነው። ሌላ ነገር ግን አስተዋለ፤ ወይጦዎች የአማርኛ ቃላትን ድምፅና ትርጉም እያጣመሙ ሌላው እንዳይሰማቸው ይነጋገሩ ነበር። የራሱን ቋንቋ ያጣ ሕዝብ ከጎረቤቱ ቋንቋ ውስጥ ለራሱ መሸሸጊያ ሠራ ማለት ነው።

አሁን ከጎናቸው ሌላ ቋንቋው የጠፋ ሕዝብ፣ ጋፋቶችን እናስቀምጥ። ብሩስ ከወይጦ ያጣውን ከጋፋት አግኝቷል፤ መኃልየ መኃልይን በጋፋትኛ አስተርጉሞ ወስዷል። የሴማዊ ቋንቋዎች ሊቁ ቮልፍ ሌስላው በ1947 እ.ኤ.አ. ወደ ዓባይ አካባቢ ሲመጣ ያገኘው ግን አራት ተናጋሪዎችን ብቻ ነበር። ጋፋትኛም ሞተ። ሁለቱም የዓባይ ቋንቋዎች ናቸው፤ ሁለቱንም የዋጣቸው አማርኛ ነው። ጋፋቶች ግን ከአማራው ጋር ተጋብተውና አርሰው ተቀላቀሉ፤ ወይጦዎች ግን ወይጦ ሆነው ቀሩ።

ለምን? ድንበሩ ቋንቋ ስላልነበረ ነው። ድንበሩ ገበታና ጋብቻ ነበር። ክርስቲያኑም ሙስሊሙም ከወይጦ ጋር አይበላም፣ ልጁን አይድርለትም ነበር። ለዘመናት «እናንተ ከኛ አይደላችሁም» ያለ ማኅበረሰብ ዛሬ ዞሮ «ቋንቋ ስለሌላችሁ የተለያችሁ አይደላችሁም» ቢል ፍርደ ገምድልነት ነው።

ሕገ መንግሥቱም ቢሆን ሰዎች እንደሚሉት አይልም። በ1987 ዓ.ም. የጸደቀው የኢፌዴሪ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 39 ብሔር፣ ብሔረሰብና ሕዝብን ሲተረጉም የሚግባቡበት የጋራ ቋንቋ ይላል እንጂ ሌላ ማንም የማይናገረው ቋንቋ አይልም። በዚያው ላይ የጋራ ሕልውና አለን ብሎ ማመንን ይጨምራል። በዚሁ በአማራ ክልል አርጎባዎች ልዩ ወረዳ አላቸው፤ ብዙዎቹ የሚናገሩት ግን አማርኛ ነው።

«ቋንቋቸው ከተቀራረበ አንድ ናቸው»

የቋንቋ ክርክር የወይጦ ብቻ አይደለም፤ ቡልጋሪያና የዛሬዋ ሰሜን መቄዶንያ ይህን ክርክር በአገር ደረጃ ገጥመውታል። የሁለቱ አገሮች ሰዎች ያለ አስተርጓሚ ይግባባሉ። ለቡልጋሪያ የመቄዶንያ ቋንቋ የቡልጋሪያኛ ዘዬ ነው፤ ለመቄዶንያ ራሱን የቻለ ቋንቋ ነው። በ1999 እ.ኤ.አ. የጋራ መግለጫ ሲፈርሙ እያንዳንዱ ቋንቋ በየሕገ መንግሥቱ በተሰጠው ስም ተጠርቶ ታለፈ። ክርክሩ ግን አልበረደም፤ በ2020 እ.ኤ.አ. ቡልጋሪያ በዚሁ በቋንቋና በታሪክ ጉዳይ የጎረቤቷን የአውሮፓ ኅብረት ድርድር አገደች። እኛ ደግሞ ስልጤ አለን። ለዓመታት ከጉራጌ ጋር ሲቆጠር ኖሮ በ1993 ዓ.ም. ሕዝቡ ራሱ ድምፅ ሰጥቶ ስልጤ ነኝ አለ። ጥያቄው በመዝገበ ቃላት አልተፈታም፤ ሰዎቹ ተጠይቀው ተፈታ።

«ወይጦ ሁሉ አንድ ነው፤ ደቡብም አሉ»

በደቡብ ኦሞ ወደ ጨው ባሕር የሚፈስ ወይጦ የሚባል ወንዝ አለ። በዚያ የሚኖሩት ፀማይና ኦንጎታ ናቸው። ከጣናዎቹ ጋር ያላቸው ዝምድና የስም መመሳሰል ብቻ ነው።

«ጉማሬ ስለሚበሉ እስላም አይደሉም»

ወይጦዎች ራሳቸውን ሙስሊም ይላሉ፤ ኮኽን በንግግራቸው ያገኛቸው በርካታ የዓረብኛ ቃላትም ከሃይማኖት ጋር የተያያዙ ናቸው። በውሃ ውስጥ የሚኖር እንስሳ ሥጋ ይበላል ወይስ አይበላም በሚለው የእስልምና መዝሀቦች ራሳቸው ይለያያሉ። ጉማሬ አደኑም ቢሆን ከተከለከለ ቆይቷል፤ አሁን ኑሯቸው ዓሣ፣ ደንገልና ስፌት ነው። ለዓባይ ያላቸው የቆየ ክብርና የሚያቀርቡት መሥዋዕትም ይጠቀስባቸዋል። በጎጃምና በጎንደር ግን ወንዝና ተራራን የማያከብር ክርስቲያን ወይም ሙስሊም አገር የቱ ነው?

«ስም ምን ለውጥ ያመጣል?»

ከጣና በስተሰሜን፣ በደምቢያና በጎንደር የኖሩት ቤተ እስራኤሎች በጎረቤቶቻቸው «ፈላሻ» ይባሉ ነበር። ቃሉ ፈለሰ ከሚለው ግሥ ጋር የሚዛመድ ነው፤ በአገሩ የኖረን ሰው ስደተኛ ብሎ መጥራት ማለት ነው። እነሱ ራሳቸውን የሚጠሩት ቤተ እስራኤል ብለው ነው፤ ዛሬ የሚጻፈውም እንዲያ ነው። ጣና ዳርም «ወይጦ» የሚለው ቃል ብቻውን በንቀት ሲወረወር ስለኖረ፣ አሁን «ነገደ ወይጦ» የሚለው አጠራር ተለምዷል። አንድ ቃል ነው የተጨመረው። ያ ቃል ግን የዘር ሐረግ ያለው ሕዝብ ነን ይላል።

ስም ከመዝገብ ሲወጣ ምን እንደሚሆን በዚያው በጎንደር በሚኖሩት በቅማንቶች አይተናል። የ1987 ዓ.ም. ሕዝብ ቆጠራ 172,327 ቅማንቶችን ቆጠረ። በ1999 ዓ.ም. ቆጠራ ግን ቅማንት የሚል ምርጫ አልነበረም። ሰዎቹ በየቤታቸው ነበሩ፤ ከዝርዝሩ የጠፋው ስማቸው ነው።