ማሻሻያው የቆመ ሲመስል፦ በእጅ የጨዋታ ኮንሶል ውስጥ ምን እየተከናወነ ነው?

ከጥቂት ዓመታት በፊት በቤተ ሙከራችን ውስጥ አንድ የሙቀት መመዝገቢያ መሣሪያ ነበረን። አዲስ ሶፍትዌር እየጫንንለት ሳለ በስክሪኑ ላይ የሚታየው የሂደት መስመር 92 ከመቶ ላይ ደርሶ ቀጥ አለ። አምስት ደቂቃ ጠበቅን፤ ዐሥር ደቂቃ ጠበቅን፤ መስመሩ ንቅንቅ አላለም። በመጨረሻ ትዕግሥታችን አለቀና ገመዱን ነቀልነው። መሣሪያው ከዚያች ቀን ወዲህ በርቶ አያውቅም። ዛሬም በመደርደሪያችን ላይ ተቀምጧል።

ይህን ያስታወሰን በቅርቡ አንድ የሁለተኛ ዓመት ተማሪያችን ይዞት የመጣው የእጅ የጨዋታ ኮንሶል ነው። ማሻሻያ ሲያወርድ መስመሩ ግማሽ ላይ ቆሞበት «ላጥፋው ወይስ ልጠብቀው?» ሲል ጠየቀን። በኮንሶሉ ውስጥ የሁለት ዓመት የጨዋታ ውጤት ተቀምጧል፤ ከዚያም በላይ መሣሪያው የታላቅ ወንድሙ ነው። ጥያቄው አጭር ይሁን እንጂ መልሱ መስመሩ በየትኛው የሥራ ደረጃ ላይ እንደቆመ በማወቅ ይወሰናል። በአንደኛው ደረጃ ላይ ማጥፋት ምንም ጉዳት አያስከትልም፤ በሌላው ደረጃ ላይ ግን መሣሪያውን በድን ሊያደርገው ይችላል።

ማንኛውም ማሻሻያ የሚያልፍባቸው ደረጃዎች ሦስት ናቸው። በመጀመሪያ ኮንሶሉ አዲሱን ሶፍትዌር ከኩባንያው ሰርቨር ያወርዳል፤ ቀጥሎ የወረደው ትክክለኛና ያልተነካካ መሆኑን ይመረምራል፤ በመጨረሻም በአሮጌው ቦታ ላይ አዲሱን ይጽፋል። የሂደት መስመሩ የሚነግረን የተሠራውን ሥራ መጠን እንጂ የቀረውን ጊዜ አይደለም። ስለሆነም የቆመ መስመር ማለት የግድ የቆመ ሥራ ማለት አይደለም። በዚህ ጽሑፍ ለማስረጃነት የምንወስደው እ.ኤ.አ. በመጋቢት 2017 ለገበያ የቀረበውን የኒንቴንዶ ኩባንያ ስዊች የተባለ ኮንሶል ሲሆን፣ አብዛኛው ሐሳብ ግን ለሌሎች መሣሪያዎችም፣ ለእጅ ስልክ ጭምር፣ ያገለግላል።

በአየር ላይ የሚጠፉ ፓኬቶች

አብዛኛውን ጊዜ መስመሩ የሚቆመው በማውረድ ላይ ሳለ ነው። ኮንሶሉ ከራውተሩ ጋር የሚነጋገረው በ2.4 ወይም በ5 ጊጋኸርዝ የሬድዮ ሞገድ ነው። የብርሃንን ፍጥነት ለ2.4 ጊጋኸርዝ ብናካፍል የሞገዱ ርዝመት 12.5 ሴንቲ ሜትር ይሆናል። ሞገዱ ከግድግዳ፣ ከቆርቆሮና ከብረት በር እየተንጸባረቀ ከራሱ ጋር ሲደራረብ፣ በክፍሉ ውስጥ አንዱ ሌላውን የሚያጠፋባቸውና አንዱ ሌላውን የሚያጠናክርባቸው ነጥቦች ይፈጠራሉ። በቋሚ ሞገድ ላይ ከደካማው ነጥብ እስከ ብርቱው ያለው ርቀት የሞገዱ ርዝመት አንድ አራተኛ፣ ማለትም 3 ሴንቲ ሜትር ያህል ነው። የእውነተኛ ክፍል ሁኔታ ከዚህ የተወሳሰበ ቢሆንም ኮንሶሉን አንድ ስንዝር ማንቀሳቀስ አንዳንድ ጊዜ ለምን ተአምር እንደሚሠራ ከዚህ መረዳት ይቻላል። ነገሩ ተራ ኢንተርፌረንስ ነው፤ በሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት በውኃ ገንዳ ያየነው ማለት ነው።

ነገር ግን ሞገዱ ለጥቂት ሰከንዶች ብቻ ተዳክሞ ሲመለስ መስመሩ ለምን ደቂቃ ሙሉ ይቆማል? ምክንያቱ በኢንተርኔት የመላላኪያ ሕግ ውስጥ ይገኛል። ፋይሉ የሚላከው በትንንሽ ፓኬቶች ተከፋፍሎ ነው። የላከው ሰርቨር «ደረሰኝ» የሚል መልስ ካላገኘ ጥቂት ጠብቆ እንደገና ይልካል፤ አሁንም መልስ ካላገኘ የመጠበቂያውን ጊዜ እጥፍ ያደርገዋል። መነሻውን 1 ሰከንድ ብንወስድ ቀጥሎ 2፣ 4፣ 8፣ 16፣ 32 ሰከንድ እያለ ይሄዳል፤ ስድስት ሙከራዎች ቢከሽፉ ድምሩ 63 ሰከንድ ነው። ይህ ሕግ የተጨናነቀ መረብ ይበልጥ እንዳይጨናነቅ ተብሎ የተደነገገ እንጂ ጉድለት አይደለም። በአገራችን በየጊዜው የምናየውም ይኸው ነው፤ መብራት ሲጠፋ ኮንሶሉ የራሱ ባትሪ ስላለው አይጠፋም፤ የሚጠፋው ራውተሩ ነው። መብራቱ ተመልሶ ራውተሩ ቢነሣም ሰርቨሩ ገና ተራውን እየጠበቀ ወይም ግንኙነቱን ጨርሶ አቋርጦ ሊሆን ይችላል።

ከዚህ የበለጠ ግራ የሚያጋባው ሌላው ሁኔታ ነው፦ የግንኙነት ፍተሻው «ተሳክቷል» ይላል፤ ማውረዱ ግን አይንቀሳቀስም። ለዚህ አንዱ ምክንያት የፓኬቱ መጠን ነው። በኤተርኔት ገመድ ላይ አንድ ፓኬት እስከ 1500 ባይት ሊደርስ ይችላል፤ በአንዳንድ የቤት ኢንተርኔት መስመሮች ግን 8 ባይት ለተጨማሪ አድራሻ ስለሚወሰድ ወሰኑ 1492 ይሆናል፤ ከዚያም ያነሰ የሚሆንባቸው መንገዶች አሉ። በጠባብ ድልድይ ላይ ታክሲ ሲያልፍ ከባድ መኪና እንደሚቀር፣ ትንንሾቹ የፍተሻ ፓኬቶች አልፈው ትልልቆቹ የፋይል ፓኬቶች ይቀራሉ። መንገዱ ላይ ያለው መሣሪያ «ይህ አያልፍም» ብሎ ለላኪው ማሳወቅ ሲገባው ዝም ካለ ላኪው ያንኑ ትልቅ ፓኬት ደጋግሞ ይልካል። ስዊች በኢንተርኔት ቅንብሩ ውስጥ ይህን መጠን 1400 አድርጎ ነው የሚመጣው። ፍጥነት ለመጨመር ወደ 1500 ከፍ እንዲደረግ የሚመክሩ ብዙዎች ናቸው። እኛ ግን የመስመሩን ስፋት ሳያውቁ ቁጥሩን ከፍ ማድረግን አንደግፍም፤ ማውረዱ ከቆመ ይልቁንም ዝቅ አድርጎ መሞከር ይሻላል።

እዚህ ላይ የቆዩ መሣሪያዎችን የያዙ አንባቢያን እንዳይቸገሩ አንድ ነገር እንጨምር። የሶኒ ኩባንያ እ.ኤ.አ. በታኅሣሥ 2004 በጃፓን ያወጣው ፒኤስፒ የተባለው የእጅ ኮንሶል የሚያውቀው የገመድ አልባ ጥበቃ ደብሊው ኢ ፒ እና ደብሊው ፒ ኤ የተባሉትን ብቻ ነው። ደብሊው ፒ ኤ 2 ወይም ከዚያ ወዲህ የመጣውን ብቻ እንዲቀበል ከተደረገ ራውተር ጋር የቱንም ያህል ቢጠበቅ አይገናኝም። ለእርሱ ብሎ የቤቱን ጥበቃ ማላላት ተገቢ አይደለም። ማሻሻያውን በኮምፒዩተር አውርዶ በሜሞሪ ስቲክ መጫን ይቻላል።

በማውረድ ደረጃ ላይ የቆመን ማሻሻያ ማቋረጥ ሥርዓቱን አይጎዳም፤ አሮጌው ሶፍትዌር ገና በቦታው ነውና። የምርመራውም ደረጃ እንደዚሁ ነው። በዚህ ደረጃ ኮንሶሉ ከጠቅላላው ፋይል አንድ አጭር ቁጥር ያሰላና ከኩባንያው ዲጂታል ፊርማ ጋር ያመሳክራል፤ ከፋይሉ አንዲት ቢት ብትለወጥ የሚወጣው ቁጥር ፈጽሞ ሌላ ይሆናል። ካልተመሳከረ ፋይሉ ይጣላል፤ እንደገና ይወርዳል።

አደገኛው ደረጃ

አሁን የቤተ ሙከራችንን መሣሪያ ወደ ገደለው ነገር እንመለስ። የኮንሶሉ ሥርዓት የሚቀመጠው በፍላሽ ማኅደረ ትውስታ ላይ ነው፤ በመጀመሪያው ስዊች 32 ጊጋባይት፣ እ.ኤ.አ. በ2021 በወጣው ኦሌድ ስክሪን ባለው ደግሞ 64 ጊጋባይት ነው። የዚህ ማኅደረ ትውስታ መሠረት የሆነውን ተንሳፋፊ ጌት እ.ኤ.አ. በ1967 በቤል ላቦራቶሪዎች ዳዎን ካንግና ሳይመን ዚ አቀረቡ፤ ፍላሽን ራሱን ደግሞ የቶሺባው መሐንዲስ ፉጂዮ ማሱኦካ እ.ኤ.አ. በ1984 አስተዋወቀ።

አሠራሩ እጅግ የሚያስደንቅ ነው። በዙሪያው ሁሉ ኤሌክትሪክ በማያስተላልፍ ሲሊኮን ዳይኦክሳይድ የታጠረ አንድ ትንሽ ደሴት እናስብ። በደሴቱ ላይ ኤሌክትሮኖች ካሉ አንድ ትርጉም፣ ከሌሉ ሌላ ትርጉም ይሰጣል። የአጥሩ ከፍታ 3 ኤሌክትሮን ቮልት ያህል ሲሆን፣ በክፍል ሙቀት ላይ ያለ አንድ ኤሌክትሮን ያለው የሙቀት ኢነርጂ ግን 0.025 ኤሌክትሮን ቮልት አካባቢ ነው። አጥሩ ከመቶ ጊዜ በላይ ስለሚበልጠው ኤሌክትሮኑ በዚያው ታስሮ ለዓመታት ይኖራል፤ መሣሪያው ቢጠፋም የተጻፈው የማይጠፋው ስለዚህ ነው። ታዲያ እንዴት ይገባል፣ እንዴትስ ይወጣል? በኳንተም ተነሊንግ፣ ማለትም አጥሩን ሳይዘል በውስጡ ሾልኮ በማለፍ ነው። ለዚህም ብርቱ የኤሌክትሪክ መስክ ያስፈልጋል። 10 ናኖ ሜትር በሆነ ንጣፍ ላይ 10 ቮልት ብናሳርፍ መስኩ በሜትር 1 ቢሊዮን ቮልት ይሆናል፤ አየር ብልጭታ የሚፈጥረው በሜትር 3 ሚሊዮን ቮልት ገደማ ላይ መሆኑን ስናስታውስ መጠኑ ይገባናል። የኮንሶሉ ባትሪ 3.7 ቮልት ብቻ ስለሆነ፣ በፍላሹ ውስጥ ያለ ንዑስ ዑደት ቮልቴጁን እየደራረበ ወደ 20 ቮልት ያደርሰዋል።

ጉዳቱ የሚመጣው ፍላሽ ከጥቁር ሰሌዳ ጋር ከሚጋራው አንድ ጠባይ ነው። አንዱን ፊደል ብቻ አጥፍቶ በምትኩ ሌላ መጻፍ አይቻልም፤ በመጀመሪያ ብሎክ የተባለውን ሰፊ ክፍል በሙሉ ማጥፋት፣ ከዚያም ከመጀመሪያው መጻፍ የግድ ነው። አሮጌው ተጠርጎ አዲሱ ሳይጻፍ ኃይል ቢቋረጥ ሰሌዳው ባዶ ይቀራል። ያ ባዶ ክፍል የአንድ ሥዕል ፋይል ከሆነ ሥዕሉ ይጠፋል፤ መሣሪያው ሲበራ መጀመሪያ የሚያነበው መመሪያ ከሆነ ግን ከሞት የሚነሣበት ቃል አጣ ማለት ነው። ከዚህም ሌላ ብዙ ጊዜ ተጽፎባቸው ያረጁ ብሎኮች መጻፍን እንቢ ሲሉ መቆጣጠሪያው ደጋግሞ ይሞክራል፤ ካልሆነለት ወደ ትርፍ ብሎክ ያዛውራል። በዚህ ጊዜ ሥራው እየቀጠለ መስመሩ ይቆማል። እኛም 92 ከመቶ ላይ ያየነው ይህንኑ ሳይሆን አይቀርም።

ስለሆነም ከመስመሩ በላይ የተጻፈውን ማንበብ ከሁሉ ይቀድማል። «በመጫን ላይ» የሚል ከሆነ ቻርጀሩን ሰክቶ መተው ነው፤ እኛ ብንሆን ቢያንስ አንድ ሰዓት እንጠብቃለን። ከዚያ በኋላ ምንም ለውጥ ከሌለ በስዊች ላይ የኃይል ቁልፉን 12 ሰከንድ ወይም ከዚያ በላይ ተጭኖ በመያዝ ማጥፋት ይቻላል። ቀጥሎ ሁለቱን የድምፅ ቁልፎች ይዞ የኃይል ቁልፉን መጫን፣ የድምፅ ቁልፎቹንም አለመልቀቅ፤ የጥገና ገጽ ይመጣል። ይህ ገጽ ከዋናው ሥርዓት ተለይቶ የተቀመጠ አነስተኛ ሥርዓት በመሆኑ ዋናው ቢበላሽም ሊነሣ ይችላል፤ ከእርሱ ላይ ማሻሻያውን እንደገና መሞከር ይፈቀዳል። እዚያው የሚገኙትን ሁለት ትእዛዞች ግን በጥንቃቄ መለየት ያስፈልጋል፤ አንዱ የጨዋታ ውጤቶችን ሳይነካ ኮንሶሉን ወደ መጀመሪያው ሁኔታ ይመልሳል፣ ሌላው ሁሉንም ይጠርጋል። የስዊች ጨዋታ ውጤት የሚቀመጠው በካርዱ ላይ ሳይሆን በኮንሶሉ ውስጣዊ ማኅደረ ትውስታ ላይ መሆኑን ብዙዎች የሚያውቁት ከጠረጉት በኋላ ነው።

በዚህ አጋጣሚ «ወደ አሮጌው እትም ብመልሰውስ?» ለሚሉ፣ የስዊች ፕሮሰሰር በአንዳንድ ማሻሻያዎች ጊዜ ሆን ተብለው የሚቃጠሉ ጥቃቅን ፊውዞች አሉት። የተቃጠለ ፊውዝ ተመልሶ አይበጅም፤ አሮጌው ሶፍትዌር ቁጥራቸው በዝቶ ሲያገኝ አይነሣም።

የቆመው የሥርዓቱ ሳይሆን የአንድ ጨዋታ ማሻሻያ ከሆነ ደግሞ ማይክሮ ኤስ ዲ ካርዱን መጠርጠር ይገባል። በገበያ ላይ 128 ጊጋባይት ተብለው የሚሸጡ፣ እውነተኛ ይዞታቸው ግን ጥቂት ጊጋባይት የሆነ አስመሳይ ካርዶች አሉ፤ ከወሰናቸው ያለፈውን ሁሉ የተቀበሉ መስለው ይጥሉታል። በኮምፒዩተር ካርዱን እስኪሞላ ጽፎ መልሶ ማንበብ ሐሰቱን ያጋልጣል። ኢንተርኔት ለሚያስቸግራቸው ደግሞ፣ የስዊች የጨዋታ ካርዶች ጨዋታው የሚፈልገውን የሥርዓት እትም ይዘው ስለሚመጡ አዲስ ካርድ ማስገባቱ ብቻ ያለ ኢንተርኔት ያሻሽለዋል፤ የጨዋታዎችን ማሻሻያም በአቅራቢያ ካለ የጓደኛ ኮንሶል በቀጥታ መቀበል ይቻላል።

ወደ ተማሪያችን ስንመለስ፣ ከመስመሩ በላይ የተጻፈው «በማውረድ ላይ» የሚል ስለነበር ያለ ሥጋት አጠፋነው። ከዚያም አንዱን ብቻ እየለወጥን ሞከርን። በመጀመሪያ ኮንሶሉን ከብረት ቁም ሣጥኑ አራቅነው፤ ለውጥ የለም። ቀጥለን ቦታውን ሳንቀይር በእጅ ስልኩ ሆትስፖት አገናኘነው፤ ማሻሻያው ሩብ ሰዓት ሳይሞላ ወርዶ ተጫነ። በመጨረሻ የራሳችንን ላፕቶፕ ከቀድሞው ራውተር ጋር አገናኝተን የፓኬቱን መጠን እየቀነስን ስንልክ ከ1380 ባይት በላይ የሆነው ሁሉ መንገድ ላይ ይቀር ነበር። ተማሪው ኮንሶሉን ይዞ ሲሄድ እኛ የራውተሩን ኃላፊ ፍለጋ ወጣን።