ወንበር የሚነሣው በማን ፍርድ ነው?

በአማርኛችን «ወንበር» የሚለው ቃል ሁለት ማዕርግ ይዞ ኖሯል፤ ይኸውም ጉባኤ የተከለ መምህር «ወንበር ዘረጋ» ሲባል፣ በጥንቱ የንጉሥ ችሎት የሚያስችሉት ዳኞችም «ወንበሮች» ይባሉ ነበር። የኮሌጅ መምህር በጥፋት ምክንያት የሚሰናበትበት ሥርዓት በአገራችን ለረጅም ዘመን ሲያከራክር የኖረው፣ የመምህሩን ወንበር ለማንሣት የሚቀመጠው የዳኛው ወንበር የማን እንደ ሆነ ገና በቅጡ ስላልተለየ ነው ብል ከእውነት የራቅሁ አይመስለኝም።

ከወንበሩ የሚነሣ መምህር ሥራውን ለማን አደራ ይሰጣል? በዓባይ ምንጭ፣ በሰከላው ግሽ ዓባይ፣ የሚነገረው ትውፊት፣ ጻድቁ አቡነ ዘርዐ ብሩክ የንጉሥ ጭፍሮች ሊያስሯቸው በመጡ ጊዜ መጻሕፍታቸውን ለውኃው አደራ ሰጥተው ሄደው፣ ከእስር ሲመለሱ ዓባይ አንዲት ገጽ ሳያረጥብ መልሶላቸዋል ይላል። ከገድል ወደ አዋጅ በአንድ እርምጃ መሻገሬን አንባቢ ይቅር ይበለኝና፣ ዛሬ ደብዳቤ ተሰጥቶት ከግቢ የሚወጣ መምህር ስሙን፣ ማዕርጉንና የምርምር ሥራውን በአደራ የሚጠብቅለት እንዲህ ያለ ምንጭ የለውም፤ ሊጠብቅለት የሚችለው ሥነ ሥርዓት ብቻ ነው።

ቀድሞ በጎጃሙ ዋሸራ የቅኔ ጉባኤ የኔታ ደመወዝተኛ ስላልነበሩ የሚያሰናብታቸው አለቃ አልነበረም፤ ተማሪው አኵፋዳውን ይዞ ወደ ሌላ ጉባኤ መሄዱ ራሱ ፍርድ ነበር። በ1955 ዓ.ም. በሶቪየት ኅብረት እርዳታ የፖሊቴክኒክ ኢንስቲትዩት በጣና ዳር ሲቆም፣ በ1965 ዓ.ም. ደግሞ የፔዳጎጂ አካዳሚው ሲከተል፣ በኋላም ሁለቱ በ1992 ዓ.ም. ባሕር ዳር ዩኒቨርሲቲ ሆነው ሲዋሐዱ መምህሩ የመንግሥት ደመወዝተኛ ሆነ፤ ደመወዝ የሚከፍል ሁሉ ደመወዝ ሊያቋርጥ ይችላልና ጥያቄውም አብሮ ተወለደ።

ጥያቄው በአደባባይ የፈነዳው ግን በአዲስ አበባ ነው። ታኅሣሥ 26 ቀን 1985 ዓ.ም. የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች የተባበሩት መንግሥታት ዋና ጸሓፊ ቡትሮስ ቡትሮስ ጋሊ በመጡበት ወቅት የኤርትራን ሕዝበ ውሳኔ ተቃውመው ሰልፍ በወጡ ጊዜ ጥይት ተተኰሰ፤ ዩኒቨርሲቲው ተዘጋ፤ አመራሩ ተለወጠ፤ ከሦስት ወር ገደማ በኋላም ከ40 የሚበልጡ መምህራን፣ ከነሱም መካከል ሊቀ ሐኪሙ ፕሮፌሰር አሥራት ወልደየስ፣ የስንብት ደብዳቤ ደረሳቸው። ፕሮፌሰር አሥራት ታስረው ቆይተው ግንቦት 6 ቀን 1991 ዓ.ም. በአሜሪካ አረፉ፤ ዛሬ የደብረ ብርሃን ዩኒቨርሲቲ የጤና ሳይንስ ግቢ በስማቸው ይጠራል። በዚያ ስንብት እጅግ የሚከብደው ነገር፣ በእኔ አስተያየት፣ የተሰናባቾቹ ብዛት አይደለም፤ እያንዳንዱ ሰው ክሱን በጽሑፍ ተቀብሎ፣ መልስ ሰጥቶ፣ ምስክር አቁሞ፣ በአቻዎቹ ፊት ሳይሰማ በአንድ ጊዜ መሄዱ ነው።

የዛሬው ሕግ ከዚያ ይሻላልን? በጽሑፍ አዎን፤ ነገር ግን አንድ አይደለም። በባሕር ዳር ከተማ አንድ ዓይነት ጥፋት የፈጸሙ ሦስት መምህራን እንደ ተቀጠሩበት ደጅ በሦስት ሕግ ይዳኛሉ። የዩኒቨርሲቲው መምህር በ2011 ዓ.ም. በወጣው የከፍተኛ ትምህርት አዋጅ ሥር በሴኔቱ ሌጅስሌሽን ሲተዳደር፣ የክልሉ መምህራን ኮሌጅ አስተማሪ በክልሉ የመንግሥት ሠራተኞች ሕግ፣ የግል ኮሌጁ አስተማሪ ደግሞ በአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ይታያል። በዚህ በመጨረሻው አዋጅ መሠረት አሠሪው ያለ ማስጠንቀቂያ የማሰናበት መብቱን ጥፋቱን ካወቀበት ቀን አንሥቶ በ30 የሥራ ቀናት ውስጥ ካልሠራበት ያጣዋል፤ ስንብቱ ሕገ ወጥ ሆኖ ሲገኝም መምህሩ ወደ ሥራው ሊመለስ ይችላል፤ ነገር ግን ፍርድ ቤቱ የሁለቱ ግንኙነት እንዲህ ሆኖ መቀጠሉ ከባድ ችግር ያመጣል ብሎ ካመነ፣ የአማካይ የቀን ደመወዙ በ180 ተባዝቶ እንዲከፈለውና እንዲለቅ ሊያደርግ ይችላል። ንጹሕ ሆኖ ተገኝቶ ገንዘብ ይዞ መሄድ ማለት ነው።

ለመንግሥት ሠራተኛው የአካሄዱን አብነት የሰጠው ደንብ ቁጥር 77/1994 ነው፤ ክስ በጽሑፍ ይድረሰው፣ መልስ ይስጥ፣ የዲሲፕሊን ኮሚቴ ማስረጃ ይመርምር ይላል፤ ሆኖም ኮሚቴው የሚያቀርበው የውሳኔ ሐሳብ ነው፣ ውሳኔው የኃላፊው ነው። ሐሜት አይሁንብኝና፣ ከሳሹ ራሱ ኃላፊው በሆነበት ጊዜ የኮሚቴው አባል በብዕሩ ጫፍ ላይ ምን ያህል ጥንካሬ እንደሚያገኝ ቢሮ የዋለ ሰው ሁሉ ያውቀዋል። ዩኔስኮ ለከፍተኛ ትምህርት መምህራን እ.ኤ.አ. በ1997 ያወጣው የውሳኔ ሐሳብ ይህን አስቦ ይመስላል፣ ስንብት በቂ ምክንያት ያለው መሆኑ በገለልተኛ አካል ዘንድ፣ በአቻዎች ጉባኤ ወይም በፍርድ ቤት ፊት እንዲረጋገጥ የጠየቀው፤ ጥፋቶቹንም ሳይሸፋፍን ዘርዝሯል፦ ሥራን ዘወትር ቸል ማለት፣ የምርምር ውጤት መፍጠር፣ ነጥብና ዲግሪ በገንዘብ ወይም በሥጋዊ ግንኙነት መለወጥ።

ስለዚህ ስለ መጨረሻው ጥፋት ጥቂት ልበል፤ ብዙዎች ሥነ ሥርዓት ማጥበቅ ጥፋተኛውን መምህር መሸሸግ ነው የሚሉት በእርሱ ምክንያት ነውና። በ1996 ዓ.ም. የወጣው የወንጀል ሕግ በአንቀጽ 625 መምህርነቱን መሣሪያ አድርጎ ከሴት ጋር ሥጋዊ ግንኙነት ወይም ሌላ የነውር ድርጊት የሚፈጽመውን ሰው ይቀጣል፤ ክሱ ግን የሚንቀሳቀሰው በግል አቤቱታ ነው። ተማሪዋ ነጥቧ በእጁ ባለ ሰው ላይ አቤት ማለት ሲያቅታት፣ ግቢው ደግሞ ስሙን ለመጠበቅ ሲል ሰውየውን በጸጥታ «በራሱ ፈቃድ» እንዲለቅ ሲያደርገው፣ እርሱ በሌላ ከተማ ሌላ ወንበር ይዘረጋል፤ እርሷም አልተሰማችም። ያለ መሰማት የተሰናበተው ንጹሕና ያለ መሰማት የተሸኘው በደለኛ በአንድ በር ይወጣሉ።

በ2015 ዓ.ም. የወጣው የራስ ገዝ ዩኒቨርሲቲዎች አዋጅ ከአዲስ አበባ ጀምሮ ለዩኒቨርሲቲዎች የራሳቸውን ሠራተኞች የማስተዳደር ሰፊ ሥልጣን ሰጥቷል። ሌሎቹም ተራቸው ሲደርስ፣ ደንብ የሚያረቅቁት መምህራን በመጀመሪያው ገጽ ላይ የጥፋቶችን ዝርዝር መጻፍ አይከብዳቸውም፤ ዝርዝሩ በየአዋጁ ተጽፎ ይገኛል። የሚያስቸግራቸው ሁለተኛው ገጽ ነው፤ በችሎቱ የሚቀመጡት እነማን እንደ ሆኑ፣ ማን እንደሚመርጣቸውና ፕሬዚዳንቱ ውሳኔያቸውን መሻር ይችል እንደ ሆነ የሚጻፍበት ገጽ።